መዝገብ ላይ የለችም

ባለፈው እሑድ እዚህ ደብረ ብርሃን፣ በሰፈራችን እድር ዓመታዊ ጉባኤ ላይ የተናገርኩት ነው። ልጄ በስልኳ ቀድታው ነበር። የደጋገምኩትንም፣ ከመንገድ የወጣሁበትንም አላረምኩም።

የተከበራችሁ የእድራችን አባላት፣ አባቶች፣ እናቶች፣ እህት ወንድሞቼ፣ እንደምን አደራችሁ?

እግዚአብሔር ይመስገን። ድምፄ ከኋላ ይሰማል? እዚያ ከድንኳኑ ውጭ ፀሐይ ላይ ላላችሁት? ይሰማል። በሉ እዚያው ሁኑ። በጥር ጠዋት እዚህ አገር ፀሐይ ያገኘን ሰው ተነሥ ማለት ነውር ነው።

ሊቀመንበራችን ሃያ ደቂቃ ሰጥተውኛል። አመሰግናለሁ ጋሼ። እኔ ግን ልብስ ሰፊ ነኝ። ልብስ ሰፊ ጨርቅ ሲቆርጥ ለስፌት የሚሆን ትርፍ ይተዋል። ስለዚህ ሃያ ያሉትን ሃያ አምስት አድርገው ይያዙልኝ።

ብዙዎቻችሁ ታውቁኛላችሁ። ከመናኸሪያው አጠገብ ባለችው ሱቅ ሱሪ የማሳጥረው፣ ዚፕ የምቀይረው እኔ ነኝ። የዚህ እድር ጸሐፊ ከሆንኩ 19 ዓመት ሞላኝ። መዝገቡም እኔም አብረን አረጀን። ማን የወር መዋጮ እንዳሳለፈ አውቃለሁ። ማን ቀብር ቀርቶ «ቅጣት አለብህ» ሲባል እንደሚቆጣም አውቃለሁ። አትሳቁ፣ ስም አልጠራም።

ዛሬ የቆምኩት ለአጀንዳ ተራ ቁጥር 4 ነው። «የተከራዮች ጉዳይ» ይላል። ገና ሲነበብ አንዳንዶቻችሁ ፊታችሁ ሲጨማደድ አይቻለሁ። ግድ የለም፣ ስሙኝ። ሦስት ነገር እናገራለሁ። አንደኛ፣ የሰፈራችን ሰው ማን ነው? ሁለተኛ፣ እድር ከየት መጣ? ሦስተኛ፣ ምን እናድርግ? ሦስተኛው አጭር ነው። የመጀመሪያዎቹ ላይ ትንሽ እዘገያለሁ።

እንግዲህ አንደኛው።

ሱቄን የምከፍተው ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ ያ ሰዓት ምን እንደሚመስል ለእናንተ አይነገርም። ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ነው የምንኖረው። ሳሩ በውርጭ ነጭ ሆኖ ያድራል። ቁልፉ ብረት መሆኑን እጅህ ላይ ያስታውቅሃል። መቀስ ከመያዜ በፊት የሻይ ብርጭቆውን በሁለት እጄ አቅፌ ጣቶቼን አፍታታለሁ። በደነዘዘ ጣት መርፌ ውስጥ ክር አይገባም።

ብርጭቆውን እንደያዝኩ መንገዱን አያለሁ። መጀመሪያ የሚያልፉት የሌሊት ሺፍት ጨርሰው ከሰርቪስ የሚወርዱት ልጆች ናቸው። ዓይናቸው ቀልቷል። ዳቦ ይገዛሉ፣ ሳይነጋገሩ ይበተናሉ። ቀጥሎ ኩበት የተሸከሙ እናቶች ከገጠር ይገባሉ። ከዚያ ጋሪው፣ ከዚያ ባጃጁ። ባለጋሪና ባለባጃጅ ለአንድ መንገድ ሲጨቃጨቁ፣ ፈረሱ ደግሞ ምንም እንዳልተፈጠረ ቆሞ ሲጠብቃቸው ማየት የእኔ የጠዋት ቴሌቪዥን ነው። ከዚያ ተማሪው። በመጨረሻ የመንግሥት ሠራተኛው፣ ኮቱን እየቆለፈ።

አሁን ልጠይቃችሁ። ከእነዚህ ውስጥ ስንቱን በስም እናውቀዋለን?

ድሮ ለአሥር ሰው «እንዴት አደርክ» ሳልል ዳቦ ቤት አልደርስም ነበር። ዛሬ ደርሼ እመለሳለሁ። ሰው ጠፍቶ ነው? ኧረ ሰውማ ሞልቷል! መንገዱ ጠቧል እኮ።

ከተማዋ መለወጧን እኔ ያወቅሁት በስፌት ነው። የጥንቱ ሥራዬ ሱሪ ማስፋት ነበር። ሰው ይሾማል፣ ይወፍራል፣ ወገቡን ልቀቅልኝ ይላል። ዩኒቨርሲቲው በ1999 ዓ.ም. ማስተማር ሲጀምር ደግሞ ሱሪ ማጥበብ መጣ። «ልጄ፣ በምን በኩል ልትገባበት ነው?» እላለሁ። «ግድ የለም ፋዘር፣ አጥብበው» ይለኛል። ቀጥሎ ቢራ ፋብሪካዎቹ መጡ። ኢንዱስትሪ ፓርኩ በ2011 ዓ.ም. ተመረቀ። አሁን ጠረጴዛዬ ላይ የሚቆለለው የፋብሪካ ቱታ ነው።

አንድ ቀን አንዲት ልጅ የተቀደደ ሱሪ ይዛ መጣች። የምትሠራው ልብስ ፋብሪካ ነው። ገረመኝ። «አንቺ ራስሽ ስፌት ትችዪ የለ? ምነው ወደ እኔ አመጣሽው?» አልኳት። «እኔ የምሰፋው ኪስ ብቻ ነው» አለችኝ። ስምንት ሰዓት ሙሉ፣ ኪስ። የግራ ኪስ ነው ደግሞ፤ የቀኙን ሌላ ሰው ነው የሚሰፋው። እኔ ሙሉ ኮት ሰፍቼ በወር የማገኘውን አስቤ ልስቅ አልኩ፣ ሳቁ ግን አልመጣልኝም። ሱሪዋን በነፃ ጠቀምኩላት።

ከመንገዴ ወጣሁ መሰለኝ። ልመለስ።

እነዚህ ልጆች የት ነው የሚያድሩት? በየጓሯችን ነው። በየሰርቪስ ቤቱ። ከወለጋ ተፈናቅለው መጥተው በቻይና ካምፕ የተጠለሉ ወገኖቻችን አሉ፤ ከመጠለያው ወጥተው በየግቢው የተከራዩም አሉ። ባለፈው ወር ከልጄ ጋር ከወፍጮ ቤቱ እስከ ድልድዩ ያለውን መንገዳችንን በእግራችን ሄደን ቆጠርነው። 38 ግቢ አለ። ከ38ቱ 34ቱ አባሎቻችን ናቸው። እሰይ አልኩ። ልጄ ግን «አባዬ፣ የጓሮ ክፍሎቹንስ?» አለችኝ። ቆጠርን። 117 የኪራይ ክፍል አገኘን። በእነዚያ ክፍሎች ከሚኖሩት ሰዎች የእድራችን አባል የሆነው ስንት ነው? ገምቱ እስቲ።

ሦስት። ሦስት ሰው!

በሌላ በኩል 11 አባሎቻችን የሚኖሩት አዲስ አበባ ነው። ቤታቸውን አከራይተው ሄደዋል። 130 ኪሎ ሜትር ርቀው በየወሩ በቴሌብር ይልካሉ። ጥሩ ከፋዮች ናቸው፣ አላማቸውም። ቀብር ግን አይመጡም፤ ቅጣቱንም በቴሌብር ይልካሉ። እነሱ የሰፈራችን ሰዎች ናቸው። ከግድግዳዬ ማዶ ሌሊት የሚያስለው፣ ሳሉን እንኳ ለይቼ የማውቀው ሰው ግን አይደለም። ይሄ እንዴት ያለ ሒሳብ ነው?

ደግሞ ራሴን አውጥቼ አልናገርም። እኔም አከራይ ነኝ። ከጓሮዬ አራት ክፍል አለኝ። አከራዮች እንዴት እንደሆንን እናውቃለን። ቧንቧው ላይ የብረት ሳጥን አሠርተን ቆልፈናል። ውሃው በፈረቃ ሲመጣ በመጀመሪያ የአከራይ በርሜል ይሞላል። ቀጥሎ የአከራይ ጀሪካን። ቀጥሎ የአከራይ ልጅ ካልሲ ይታጠባል። ከዚያ ተከራይ በየተራው ይቅዳ፤ ውሃው ካለ። በኤሌክትሪክ ምጣድ መጋገር ክልክል ነው። እንግዳ ማሳደር ክልክል ነው። ከምሽቱ ሦስት ሰዓት በኋላ በር አይከፈትም። ቤት የሚፈልግ ሲመጣም «ላጤ ነህ? ልጅ አለሽ? ስንት ናችሁ?» ብለን እንመረምራለን። ይህን ሁሉ ደንግገን ስናበቃ ቡና ላይ ቁጭ ብለን «አይ የዘንድሮ ሰው! አይቀርብ፣ አይጠጋ!» እንላለን። ኧረ ሦስት ሰዓት ላይ በሩን የቆለፈው ማን ሆነና!

አዎ፣ እናቶች ጭንቅላታችሁን እየነቀነቃችሁ ነው። አይቻለሁ።

ሁለተኛው። እድር ከየት መጣ?

ከእድር በፊት ስለ ከተማችን አንድ ነገር። ደብረ ብርሃንን የቆረቆሯት አፄ ዘርዐ ያዕቆብ ናቸው። ከ1434 እስከ 1468 እ.ኤ.አ. የነገሡ ናቸው። የዚህ አገር ተወላጅ ነበሩ? አልነበሩም። የተወለዱት ፈጠጋር ነው። በዚያ ዘመን ደግሞ የነገሥታቱ ከተማ ድንኳን ነበር። ዛሬ እዚህ ይተከላል፣ ነገ እዚያ ይነቀላል። ንጉሡ እዚህ ሰፍረው ሳለ ሰማይ ላይ ብርሃን ታየ። በ1456 እ.ኤ.አ. የታየው ጅራታም ኮከብ ነው የሚሉ አሉ። ቤተ ክርስቲያን አሠሩ፣ ቦታውን ደብረ ብርሃን አሉት፣ የቀረ ዕድሜያቸውንም በአብዛኛው እዚሁ ኖሩ። እንግዲህ ይህችን ከተማ የጀመሯት ሰው ራሳቸው ድንኳናቸውን ተክለው በዚያው የቀሩ መጤ ነበሩ። ዛሬ ቢመጡ በደንባችን አንቀጽ መሠረት 6,000 ብር መግቢያ እንጠይቃቸው ነበር።

ይሄን ሳስበው ብቻዬን እስቃለሁ። «ጃንሆይ፣ የሁለት ወር ቅድሚያም አለ።»

አሁን ወደ እድር። ብዙዎቻችን እድር ከቅድመ አያቶቻችን ጋር ከገጠር የመጣ ይመስለናል። ለእኔም ይመስለኝ ነበር። ታሪኩን ያጠኑት ምሁራን ብዙዎቹ ግን እድር የከተማ ልጅ ነው ይላሉ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ገደማ አዲስ አበባ ውስጥ፣ ከየአገሩ ለሥራ የገባ ሰው ነው የጀመረው። በጣሊያን ጊዜና ከዚያም ወዲህ ተስፋፋ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ገጠር ሰው ሲሞት አካፋውን የሚያነሣው አጎትህ ነው። ንፍሮውን የምትቀቅለው አክስትህ ናት። ማንም መዝገብ አይከፍትም፤ መዝገቡ ዘር ነው። ከተማ ስትገባ ግን አጎት የለም። «እዚህ ብሞት ማን ይቀብረኛል?» የሚል ሰው ጎረቤቱን ይጠይቃል፤ ጎረቤቱም ያንኑ ሲያስብ ያገኘዋል። እድር የተሠራው አጎት ለሌለው ሰው ነው።

ታዲያ ዛሬ ሰፈራችን ውስጥ አጎት የሌለው ማን ነው? እኛ ነን? እኔ እዚሁ ተወልጄ እዚሁ አረጀሁ። ብሞት ሊቀብረኝ የሚመጣው ሰው መንገድ ይዘጋል። እድር የሌለው የሚያስፈልገው ሰው ነው። ያለው የማያስፈልገው ነው።

አሁን የምነግራችሁን ለማንም በአደባባይ ተናግሬው አላውቅም። ትንሽ ውሃ ስጡኝ።

የዛሬ አምስት ዓመት ነው። ኅዳር። ከሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ በሬ ተንኳኳ። ስወጣ አንድ እናት ጋቢ ተከናንበው ቆመዋል። እዚህ ተቀምጠዋል፣ ስማቸውን አልጠራም። ከጓሯቸው አንዲት ልጅ ተከራይታለች። የመንዝ ልጅ ናት፣ ሃያ ሁለት ዓመቷ፣ ፋብሪካ ነው የምትሠራው። አባቷ ሞተዋል። ዘመዶቿ ማታ ለአከራይዋ ደውለው «መርዶውን እናንተ ንገሩልን» ብለዋል። እንግዲህ አስቡት። መርዶ የሚነግር ዘመድ እንኳ አጠገቧ የለም፤ አከራይዋ ናቸው ዘመዷ።

«ጎህ ሲቀድ ልንነግራት ነው» አሉኝ። «ድንኳኗንና አግዳሚ ወንበር ስጠኝ። ሰው የት ይቀመጣል?»

እኔ ምን አደረግሁ? ገባሁና መዝገቡን አወጣሁ። በስልኬ ባትሪ እያበራሁ ገጹን ገለጥኩ። «ስሟ ማን ነው?» አልኩ። ነገሩኝ። ፈለግሁ። ስሟ እንደሌለ እያወቅሁ ፈለግሁ።

«መዝገብ ላይ የለችም» አልኳቸው።

«እኔ አለሁ አይደል እንዴ?»

«እርስዎማ አሉ። ሟች ግን የእርስዎ አባት አይደሉም።»

ይህን አልኩ። በዚህ አፌ። ደንቡ ነዋ! ደንቡን የጻፍኩትም እኔ ነኝ። እሳቸው አልተቆጡም። ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው «እሺ» አሉኝና ሄዱ። ሰው ብዙ ሰድቦኛል። ከዚያች «እሺ» የባሰ ስድብ ግን አላስታውስም።

ሲነጋ ጩኸቱ በግንቡ ላይ መጣ። ሁለት ሰዓት ላይ ነጠላዬን አዘቅዝቄ ለቅሶ ሄድኩ። ክፍሏ ከአልጋዋ ሌላ አራት ሰው አይዝም። ልጅቷ አልጋዋ ጫፍ ላይ ባና ለብሳ ተቀምጣለች። ሽታው ገና የበግ ነው። አባቷ ወደ ከተማ ሲሸኟት የሰጧት ነው አሉ። «እግዚአብሔር ያጽናሽ» አልኩና ወጣሁ። ሌላው ለቀስተኛ ግቢው ውስጥ ነበር። ከሌሊት ሺፍት የወጡ ልጆች ናቸው፤ ከሰርቪስ ወርደው ቤታቸው ሳይገቡ በቀጥታ የመጡ። ሰማያዊ ቱታቸውን እንደለበሱ ናቸው። ወንበር የለም። ጀሪካን ገልብጠው ተቀምጠዋል። ብሎኬት ላይ ካርቶን አንጥፈው ተቀምጠዋል። ጥላው ያለበት ጋ ውርጩ ገና አልቀለጠም ነበር። አሥራ ሁለት አግዳሚ ወንበር በዚያች ሰዓት የእድራችን ዕቃ ቤት ውስጥ ተቆልፎ ነበር። ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ነበር።

አንዷ ልጅ ጭኗ ላይ የተማሪ ደብተር ዘርግታ ትጽፋለች። ጠጋ ብዬ አየሁት። የሥራ በሽታ ነው፣ መዝገብ ካየሁ አያስችለኝም። በማስመሪያ ሦስት መስመር አስምራለች። ስም። ሺፍት። ብር። ሃምሳ ሃምሳ ብር አዋጥተዋል። ከስሩ ደግሞ ማን መንዝ ድረስ አብሯት እንደሚሄድ፣ የሄደውን ሰው ሺፍት ማን እንደሚሸፍን ተጽፏል። ሊቀመንበር የለም፣ ማኅተም የለም፣ አንቀጽ የለም። ያ ደብተር ምን ነበር? እድር ነበር! በዓይኔ እያየሁት እድር ጀሪካን ላይ ተቀምጦ ይወለዳል። ጸሐፊው ከሱቅ የተገዛ እስክሪብቶ ይዞ ከአጠገቡ ቆሟል።

ልጅቷ ቀና ብላ «ፋዘር፣ እርስዎስ ማን ልበል?» አለችኝ።

ስሜን ነገርኳት። መቶ ብር ሰጠሁ። ጻፈችው። ሺፍት የሚለው ላይ ስትደርስ ትንሽ አሰበችና «ጎረቤት» ብላ ጻፈች።

እኔ «መዝገብ ላይ የለችም» ያልኳት ልጅ መዝገብ ላይ፣ እኔ አለሁ።

ውሃው ጥሩ ነው፣ አመሰግናለሁ።

ልጅቷ ከሠልስት በኋላ ከመንዝ ተመልሳ ሥራዋን ቀጠለች። ከስድስት ወር በኋላ ኪራይ ሲጨመርባት ወደ ጠባሴ ተዛወረች። ይቅርታ አልጠየቅኋትም። መንገድ ላይ ሳገኛት ከልቧ ሰላም ትለኛለች። ምናልባት ያን ሌሊት በሬ መንኳኳቱን አልሰማችም ይሆናል። አከራይዋም አልነገሯት ይሆናል። እትዬ፣ ካልነገሯት እግዚአብሔር ይስጥልኝ።

ሦስተኛው። ምን እናድርግ?

መጀመሪያ የምታነሡትን ላንሣው። «ተከራይ ዛሬ ይገባል ነገ ይወጣል። ሁለት ወር ከፍሎ ገንዘብ ይወስድና ይጠፋል» ትላላችሁ። እውነት ነው፣ አጋጥሞናል። አንድ ሰው በገባ በሁለተኛው ወር እናቱ ሞተችበት ብሎ ከፈልነው። የፈረምኩት እኔ ነኝ። በዓመቱ ሌላ ሰፈር ካለ እድር ጸሐፊ ጋር ሻይ ስንጠጣ፣ ያችው እናት እዚያም ሞታ አገኘናት። ነፍሷን ይማር ብለን ሁለታችንም ቀና ብለን ጣሪያ አየን። ደግሞ ያ ሰውዬ ተከራይ አልነበረም። ባለቤት ነበር፣ ካርታ ያለው።

«ተከራይ ይጠቀማል እንጂ ምን ይጠቅመናል?» የምትሉም አላችሁ። እስቲ ሁላችሁም ቀና በሉ። ድንኳኑን እዩት። እዚያ፣ ከመሐለኛው ምሰሶ በስተግራ፣ ሰማያዊ ጥፍ አለ። አያችሁት? የሁለት ክንድ ያህል ይሆናል። የዛሬ ሁለት ዓመት በሰኔ፣ አንድ የምናከብራቸውን አባት ስንቀብር ነፋስና ዝናብ መጥቶ ሸራውን ቀደደው። ለቀስተኛው ላይ ውሃው ወረደ። አንድ ባጃጅ ነጂ በዚያ ሲያልፍ አይቶ ቆመ። እኔ ግቢ ውስጥ የሚኖር ተከራይ ነው። የባጃጁን የጎን ሸራ ፈታና «ፋዘር፣ ይሄ ይሆናል?» አለኝ። ሆነ። ያኑ ማታ በ18 ቁጥር መርፌ፣ በድርብ ስፌት ጠቀምኩት። መኪናዬ ሁለት መርፌ ሰበረ። ልጁ ሐምሌንና ነሐሴን ያለ ጎን ሸራ ነዳ። ተሳፋሪ «አረጠብከን» እያለ ሲሰድበው ሰምቻለሁ። ሸራውን አልጠየቀኝም።

አሁን የተቀመጣችሁት በእሱ ሸራ ሥር ነው። አባል ነው? አይደለም። 6,000 ብር ከየት ያመጣል?

ይህን ካልኩ ሐሳቡን ላቅርብ። ከኮሚቴው ጋር ተነጋግረንበታል፣ ሁሉም አልተስማሙም። ተከራይ ሲገባ የመግቢያውን ብር በአንድ ጊዜ አንጠይቀው። ከወር መዋጮው ጋር በሁለት ዓመት ተከፋፍሎ ይክፈል። ድንኳን፣ ወንበር፣ ሰሃንና ሰው ከተመዘገበበት ቀን ጀምሮ ያግኝ። ገንዘብ ግን ስድስት ወር ሳይሞላው አይከፈል፤ ያቺ ሁለት ጊዜ የሞተችው እናት አስተምራናለች። ሰፈር ቢቀይርም ደብረ ብርሃን ውስጥ እስካለ ድረስ አባልነቱ ይቆይ። ሺፍት የሚገባ ሰው ደግሞ በሥራ ምክንያት ቀብር ቢቀር አይቀጣ፤ ለቅሶ ማደር ይችላል። ማታ ማታ ለማደር ሰው አጥተን እንደምንለማመጥ ታውቃላችሁ። የሌሊት ሰው እኮ እነሱ ናቸው።

ይኸው ነው። ሊቀመንበር ሰዓታቸውን እያዩ ነው፤ ትርፉንም ጨረስኩት።

መዝገቡ እዚህ ጠረጴዛው ላይ ነው። ትናንት ማታ አዲስ ገጽ አዘጋጅቼ ከላይ «ተከራዮች» ብዬ በቀይ ጽፌ ነበር። ልጄ አየችውና «ለብቻቸው ለምን ታደርጋቸዋለህ?» አለችኝ። ሰረዝኩት። ገጹ ትንሽ ተበላሽቷል፣ ይቅርታ። ድምፅ ስትሰጡ እጃችሁን ከፍ አድርጉ። መነጽሬን ሱቅ ረስቼዋለሁ። ፀሐይ ላይ ያላችሁትም፣ እናንተም ትቆጠራላችሁ፤ ኑ ትንሽ ጠጋ በሉ።